መልቀቂያ ያስገባ ሁሉ ጡረታው ተቃጠለ?

ለዝግጅት ክፍሉ፣

ደሴ ውስጥ የመንግሥት ሠራተኛ ነበርኩ። ኮምቦልቻ ባለ ሌላ የመንግሥት መሥሪያ ቤት ተወዳድሬ አለፍኩ። ዝውውር ስለተከለከልኩ መልቀቂያ አስገባሁ። ጓደኞቼ «በቃ፣ ጡረታህ ተቃጠለ» አሉኝ። ይባስ ብሎ የአዲሱ ቢሮ የሰው ኃይል ባለሙያ «አዲስ ቅጥር ነህ፤ አገልግሎትህ ከዛሬ ይጀምራል» አለኝ።

እንዲህ የሚባል ነገር የለም። ሠራተኛው ከደመወዙ 7 በመቶ፣ መሥሪያ ቤቱ ደግሞ 11 በመቶ በየወሩ ለጡረታ ፈንድ ያስገባሉ። ብሩ የቀድሞ አለቃዬ ካዝና ውስጥ አልቀረም! የፊተኛውና የኋለኛው አገልግሎት ይደመራል። በሕጉ የተወሰነውን ያህል ዓመት ያገለገለ ሰውማ ለቆ ቤቱ ቢቀመጥ እንኳ፣ የጡረታ ዕድሜው ሲደርስ አበሉን ያገኛል። የደመወዝ እርከን ሌላ ጉዳይ ነው፤ ሁለቱን የሚያምታቱት ብዙ ናቸው።

እኔን የሚያንገበግበኝ ማህደሬ ነው። እስካሁን ደሴ መዝገብ ቤት፣ አቧራ የጠጣ መደርደሪያ ላይ ተቀምጧል። በጠየቅኩ ቁጥር «በፖስታ ይላካል» ነው መልሱ። በሚኒባስ እኮ አንድ ሰዓት አይፈጅም! ማስረጃው ሳይሟላ 60 ዓመት የሞላው ሰው የሚጉላላው በዚህ ነው። መሥሪያ ቤቶቹ ከመሸኛው ጋር ማህደሩን አብረው ቢልኩ ምን ይቸግራቸዋል? እስከዚያው፣ ለመልቀቅ ያሰባችሁ የቅጥርና የመልቀቂያ ደብዳቤያችሁን ኮፒ ቤታችሁ አስቀምጡ።

አንድ የመንግሥት ሠራተኛ፣ ከኮምቦልቻ