የፊልም ክበባችን ዓመት፦ መብራት የጠፋበት ዓርብ

ዘንድሮ የፊልም ክበባችን በየሁለት ሳምንቱ ዓርብ ከሰዓት ተገናኝቷል። አባላት መዝግበናል፣ ሥራ አስፈጻሚ መርጠናል፣ ዕቅድ አስገብተናል። ዝርዝሩ ርእሰ መምህሩ ቢሮ አለ። እኔ እዚህ መጻፍ የምፈልገው ስለ አንዱ ፊልም ነው። በግቢው ውስጥም ከግቢው ውጪም ብዙ ስለተወራበት።

ፊልሙ «ቻይልድ ብራይድ ኦፍ ሾርት ክሪክ» (የሾርት ክሪክ ልጅ ሙሽራ) ይባላል፤ ለሲኒማ ቤት ሳይሆን ለቴሌቪዥን የተሠራ ነው። እ.ኤ.አ. በ1981 በአሜሪካው ኤንቢሲ ጣቢያ ነው የታየው። ታሪኩ ግን ወደ 1953 ይመልሰናል፤ አሪዞናና ዩታ ድንበር ላይ፣ ቀይ ገደል ሥር ወዳለችው ሾርት ክሪክ። አንድ ወጣት ከኮሪያ ጦርነት ወደ መንደሩ ይመለሳል። አንዲት የ15 ዓመት ልጅ ይወዳል። ልጅቷን ግን አባቱ በሚስቶቹ ላይ ሊጨምራት አስቧል። የልጅቷን ቦታ የተጫወተችው ዳያን ሌን ናት፤ ያኔ እሷም ገና ልጅ ነበረች።

«የባዕድ ሃይማኖት ፊልም ለምን ታሳያላችሁ?» ያሉን ወላጆች ነበሩ። መጠየቃቸው ተገቢ ነው፤ መልስም አለን። ፊልሙ ከመጀመሩ በፊት ግማሽ ሰዓት ሙሉ ያስረዳሁት ይህንኑ ነበር። አሜሪካ ውስጥ የተመሠረተው ዋናው የሞርሞን ቤተ ክርስቲያን ከአንድ በላይ ማግባት እንዲቆም በይፋ ያወጀው እ.ኤ.አ. በ1890 ነው። ሾርት ክሪክ የነበሩት ይህን አንቀበልም ብለው የተለዩ ሰዎች ናቸው። ቤተ ክርስቲያኗም እንዲህ ያሉትን ከአባልነት ታስወግዳለች። ይህን ለይቶ ያላወቀ ልጅ ሚሊዮኖችን በጅምላ ይፈርጃል። ክበባችን የሚሠራው ይህ እንዳይሆን ነው።

ቋንቋውም ፈተና ነበር። ሁለት የ11ኛ ክፍል ተማሪዎች ሦስት ሳምንት ሙሉ እያቆሙ፣ እየመለሱ፣ ንግግሩን በደብተር ተረጎሙት። ዕለቱ ሲደርስ እንደ ድሮ ቪዲዮ ቤት ተርጓሚዎች ከስክሪኑ ጎን ቆመው አነበቡ። ማይኩን ሚኒ ሚዲያ ክበብ አውሶናል፤ እናመሰግናለን። መጋረጃ ስለሌለን ልጆቹ ከየቤታቸው አንሶላ አምጥተው መስኮቱ ላይ ሰቀሉ።

ፊልሙ በተመሠረተበት እውነተኛ ታሪክ ፖሊሶች ከአንድ በላይ ማግባትን ለማስቆም መንደሩን የወረሩት በእኛ አቆጣጠር ሐምሌ 19 ቀን 1945 ሊነጋጋ ሲል ነው። ጨረቃ የተጋረደችበት ሌሊት ነበር፤ ጨለማው ይረዳናል ብለው ነበር። ሰዉ ግን ቀድሞ ሰምቷል። ትምህርት ቤቱ ግቢ ተሰብስቦ፣ ባንዲራ ሰቅሎ፣ እየዘመረ ጠበቃቸው። ይህን ስለነገርኳቸው ልጆቹ መጨረሻውን በጉጉት ይጠብቁ ነበር። ፊልሙ ሊያልቅ ጥቂት ሲቀረው መብራት ጠፋ።

ጄኔሬተር የለንም። ይብቃን ልል ስል ማንም ከወንበሩ አልተነሳም። አንሶላው እንደተሰቀለ ነው፤ ፊት በደንብ አይለይም። ክርክሩ እዚያው ተጀመረ። አንዱ «ልጁ ይዟት መጥፋት አለበት» ይላል። ሌላው «ፖሊስ ደርሶ ያድናታል» ይላል። ይሄኔ ከኋላ አንድ ድምፅ መጣ። ዓመቱን ሙሉ ተናግራ የማታውቅ የ9ኛ ክፍል ልጅ ናት። ከገጠር መጥታ አክስቷ ጋ ነው የምትኖረው።

«እሷን ማን ጠየቃት?» አለች።

ሁላችንም ዝም አልን።

«አባትየው ላግባሽ ይላል። ልጁ እወድሻለሁ ይላል። ፖሊስ መኪና ላይ ውጪ ይላል። ሁሉም ለሷ ያሰቡ ይመስላቸዋል። ምን ትፈልጊያለሽ ያላት ግን የለም።»

ድምፅዋ ይንቀጠቀጣል። እጇ ላይ ያለው እስክሪብቶ ጠቅ፣ ጠቅ ሲል ይሰማኛል። አጠገቧ የተቀመጠችው ልጅ ቀስ ብላ እጇን ያዘችላት፤ እስክሪብቶው ዝም አለ። እኔ እንባ ተናነቀኝ።

የቀረውን ታሪክ በዚያው ደብዛዛ ክፍል ውስጥ ነገርኳቸው። መንግሥት ከ200 በላይ ልጆችን ከቤታቸው ወሰደ። ብዙዎቹ ወላጆቻቸው ጋ ሳይመለሱ ሁለት ዓመት ገደማ አለፈ። ዘመቻውን ያዘዘው የአሪዞና አገረ ገዥ ሃዋርድ ፓይል በሕዝብ ተወቅሶ በቀጣዩ ዓመት ምርጫ ተሸነፈ። ያለዕድሜ ጋብቻው ግን በዚያ ማኅበረሰብ ቀጠለ። አንድ ልጅ የእኛን ሕግ ጠየቀኝ። በ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ ሴት ልጅ በ15 ዓመቷ ማግባት ትችል ነበር፤ ልክ በፊልሟ ልጅ ዕድሜ። 18 ዓመት ያደረገው የ1992ቱ የቤተሰብ ሕግ ነው።

ሌላዋ ተማሪ ቀኑን አስተውላ ኖሮ፣ የኮሪያው ተኩስ አቁም የተፈረመው ከወረራው በማግስቱ መሆኑን አገኘች። ኢትዮጵያ የላከችው የቃኘው ሻለቃ ወታደሮችም ያኔ እዚያው ኮሪያ ነበሩ። ስለዚህ አንድ ቅዳሜ አፍንጮ በር ወዳለው የኮሪያ ዘማቾች መታሰቢያ ሄድን። የሚኒባሱን ልጆቹና እኔ አዋጥተን ነው የከፈልነው።

ስምንት ፊልም አቅደን አምስት ነው ያሳየነው። ሚያዝያ ላይ የፕሮጀክተሩ አምፖል ተቃጠለ፤ ከዚያ ወዲህ 30 ልጅ በእኔ ላፕቶፕ ዙሪያ ተጨናንቆ ነው የሚያየው። ከክበባት በጀት የደረሰን ወረቀትና ማርከር ብቻ ነው። ስፖርት ክበብ ማሊያ ያስፈልገዋል፣ አልከራከርም። የእኛ ልጆችም አንድ አምፖልና መጋረጃ ያስፈልጋቸዋል። የወላጅ መምህር ኅብረትም (ወመህ) ሆናችሁ የቀድሞ ተማሪዎቻችን ይህን ብትችሉልን ለመስከረም እንደርሳለን።

ሁለቱ ተርጓሚዎቻችን በሚቀጥለው ዓመት 12ኛ ክፍል ስለሆኑ ለፈተና ይዘጋጃሉ። በእነሱ ቦታ ማን ያነባል ብዬ ወረቀት ለጥፌ ነበር። ከላይ የመጀመሪያው ስም የዚያች የ9ኛ ክፍል ልጅ ነው።