መቀሱን ረሳችሁት

ይድረስ ለጋዜጣው አዘጋጆች፤

ጤና ይስጥልኝ። ስለ ማርክ በርኔት ያወጣችሁትን ጽሑፍ አነበብኩት። ደብረ ማርቆስ ጋዜጣ ዘግይቶ ነው የሚደርሰን፣ ስለዚህ የቆየ ነገር ባነሳ አትፍረዱብኝ። ጽሑፉ ደስ ይላል። ፎክላንድ ደሴቶች ላይ ከአርጀንቲና ጋር የተዋጋ የእንግሊዝ ፓራሹት ወታደር እ.ኤ.አ. በ1982 አሜሪካ ይገባል፣ ቤቨርሊ ሂልስ የሀብታም ልጆች ሞግዚት ይሆናል፣ ቀጥሎ ባሕር ዳርቻ ላይ ቲሸርት ይሸጣል፣ ከዚያ ተራ ሰው እየተቀረጸ የሚታይበት የሪያሊቲ ቴሌቪዥን ንጉሥ። እንዲህ ያለ ታሪክ ማን ይጠላል?

ግን ሥራውን አልነገራችሁንም። እዚህ ያደረሰው ምን እንደሆነ ስታስረዱ «ጥረትና ድፍረት» ብላችሁ አለፋችሁት። ድፍረትማ ቲሸርት የሚያዞር ሁሉ አለው። የሪያሊቲ ፕሮዲውሰር እንጀራው ኤዲቲንግ፣ ማለትም የተቀረጸውን ቆርጦ መቀጠል ላይ ነው። እኔ ጋ ኤዲቲንግ የሚለማመዱ ልጆች ጽሑፋችሁን በስልካቸው ፎቶ አንስተው ይዘውት ስለሚዞሩ ነው ዝም ማለት ያቃተኝ።

የሠርግ ቪዲዮ ነው የምሠራው። አትሳቁ። ከሙሽሪት ቤት እስከ መልሱ ድረስ የተቀረጸውን ስንትና ስንት ሰዓት ቁጭ ብዬ ወደ ሁለት ሰዓት አወርደዋለሁ። በዚህ መሀል ምን ማድረግ እንደሚቻል ልንገራችሁ። የሙሽሪት እናት ዳሱ ውስጥ ቆመው ፊታቸውን ቅጭም አድርገው መሬት መሬት ያያሉ። ምክንያቱ አዲስ ጫማ ነው፤ ተረከዛቸውን ልጦታል፣ ቀረጻው ትንሽ ወደፊት ከሄደ አንድ እግራቸውን አውጥተው ጫማው ላይ ሲያሳርፉ ይታያል። ያቺን ቅጭም ያለች ፊት ብቻ ቆርጬ የሙሽራው ዘመዶች እየጨፈሩ ከገቡበት ቀጥሎ ብሰካት አለቀ፤ ሴትዮዋ በጋብቻው አልተደሰቱም። አንዲት የውሸት ምስል አልጨመርኩም፣ ሁሉም በዕለቱ የሆነ ነው፣ ግን ሁለት ቤተሰብ ለዓመታት ሊኮራረፍ ይችላል።

በርኔት ይህንን አሳምሮ ያውቅበታል። እ.ኤ.አ. በ2000 ሰርቫይቨርን፣ ተወዳዳሪዎቹ ድምፅ እየሰጡ እርስ በርስ የሚባረሩበትን ውድድር፣ አሜሪካ ላይ ሲጀምር 16 ሰው ቦርኔዮ አጠገብ ደሴት ላይ ለ39 ቀን አኖረ፣ ለአሸናፊው 1 ሚሊዮን ዶላር፣ የመጨረሻውን ክፍል 51 ሚሊዮን ገደማ አሜሪካዊ ተቀምጦ አየው። ነጋዴነቱን አደንቃለሁ፤ በውድድሩ የተራቡት ሰዎች ሲያሸንፉ ከሚሸለሙት መሀል የስፖንሰሮቹ ቺፕስና ለስላሳ ነበር! በዓመቱ ግን ራሱ አመነ። ካሜራማኖቹ እንዳይታዩበት ብሎ አንዳንድ ቦታ ተወዳዳሪዎቹን በሚመስሉ ሌሎች ሰዎች እንደገና ቀርጿል። ውጤቱን አልቀየረም ነው መልሱ። እ.ኤ.አ. በ2004 ትራምፕን ይዞ በመጣበት፣ ትራምፕ ሥራ ፈላጊ ተወዳዳሪዎችን እየመረመረ በሚያባርርበት «ዘ አፕሬንቲስ» በሚባለው ፕሮግራምም ያ የሚያስፈራው የስብሰባ ክፍል ለቀረጻ ተብሎ የተሠራ ነው። ትራምፕ ያልተጠበቀ ሰው ሲያባርር ደግሞ ኤዲተሮቹ ወደኋላ ተመልሰው ቀረጻውን እየፈለጉ፣ የተባረረው ሰው ጥፋተኛ እንዲመስል ያገጣጥሙ እንደነበር ከጊዜ በኋላ በአፋቸው ተናግረዋል።

አንድ ሌላም አለ። የሰርቫይቨር ሐሳብ የበርኔት አይደለም፣ ቻርሊ ፓርሰንስ ከሚባል እንግሊዛዊ ነው መብቱን የወሰደው። መጀመሪያ የተሠራው ስዊድን ነው፣ እ.ኤ.አ. በ1997። እዚያ መጀመሪያ በድምፅ የተባረረው ከቦስኒያ የመጣ ስደተኛ ነበር። ቀረጻው አልቆ፣ ገና ቴሌቪዥን ላይ ሳይወጣ፣ ራሱን አጠፋ። ጥሩ ጥሩውን ቆርጠው ጥለው ሞኝ ያስመስሉኛል እያለ ይሰጋ እንደነበር ባለቤቱ ተናግራለች። ፕሮግራሙ በዚያው ዓመት ተላለፈ።

የፈረንጅ ጣጣ ነው እንዳትሉኝ። እኛም ከኢትዮጵያን አይዶል ጀምሮ ስንቱን አይተናል፣ ለስንት ድምፃዊም በር ተከፍቷል። ዳዊት ጽጌን ያወቅነው በባላገሩ አይዶል አይደል? እነሱን አልወቅስም፣ የምለው ስለ ሌላ፣ ስሙን ስለማልጠራው ውድድር ነው። የሰፈራችን ልጅ ነው፤ ቀረርቶ ሲያወጣ ፀጉር ያቆማል። ሄዶ ሁለት ዜማ ተጫወተ፣ የመጀመሪያውን አሳምሮ። የተላለፈው ግን ሁለተኛው ላይ ግጥም ጠፍቶት ጣሪያ ጣሪያ ሲያይና በጋቢው ጫፍ ላቡን ሲጠርግ ነው። ከሥሩ የፍየል ድምፅ አስገቡበት። ከዚያ ዳኛው ጠረጴዛ እየመታ ሲስቅ ይታያል። እኔ ደጋግሜ አየሁት። ልጁ ሲዘፍን ዳኛው ፊት ያለው ሃይላንድ አልተነካም፣ ሲስቅ ግን ከግማሽ በታች ወርዷል። ሳቁ ከሌላ ሰዓት የመጣ ነው። ልጁ ዛሬም ገበያ ሲወጣ ሕፃናት «ሜ» እያሉ ይከተሉታል።

«ፈርሞ የለ እንዴ?» ይባላል። ፈርሟል። ሰልፍ ላይ እንደቆመ፣ ደረቱ ላይ ቁጥር እየለጠፉለት ነው ያስፈረሙት፣ ቅጂም አልሰጡትም።

ጎጃም ውስጥ መተረብ ብርቃችን አይደለም። አዝማሪ ሠርግ ላይ በማሲንቆው ያብጠለጥልሃል፣ ግን ፊት ለፊትህ ነው፤ አንተም «ተቀበል» ትልና ግጥም ትሰጠዋለህ፣ ሳቁ ወደሱ ይዞራል። ቴሌቪዥን ላይ ማንን ተቀበል ትላለህ?

ስለዚህ የኛን ፕሮዲውሰሮች አነጋግሩልን። በርኔትን አታገኙትም፣ አዲስ አበባ ያሉትን ግን በታክሲ ትደርሱባቸዋላችሁ። ውሉ ለተወዳዳሪው ይነበብለታል ወይ? ቅጂውንስ ለምን አይዞም? የዳኛን ሳቅ ከሌላ ሰው ላይ አምጥቶ መለጠፍ በእናንተ ቤት ይፈቀዳል? ቪዲዮው ቲክቶክ ላይ ከተበተነ በኋላ አንድ የገጠር ልጅ «አውርዱልኝ» ቢል የሚደውለው ለማን ነው? መልሳቸውን ደግሞ ሳትቆርጡ አትሙት።

የሠርግ ቪዲዮ ባለሙያ፣ ከደብረ ማርቆስ