ስላቅ ነው ማለት ብቻ ከክስ አያድንም

ይድረስ ለዝግጅት ክፍሉ፣

በታዋቂ ገጸ ባሕርያት ላይ ስለሚቀልዱ የወሲብ ፊልሞች ያወጣችሁት ጽሑፍ፣ ስላቅ እስከሆነ ድረስ ሕግ እንደማይነካው አድርጎ አቅርቦታል። እንዲያ አይደለም። በአሜሪካ የስላቅን ድንበር ካሰመሩት መዝገቦች አንዳንዶቹ የተከፈቱት በእነዚሁ ነውረኛ ሥራዎች ነው።

እ.ኤ.አ. በ1971 የሳን ፍራንሲስኮ ካርቱኒስቶች ሚኪ ማውስን በወሲብና በአደንዛዥ ዕፅ መሀል የሚያሳዩ ሁለት የኮሚክ መጽሔቶች አወጡ። ዲዝኒ ከሰሰ፤ ይግባኝ ሰሚው ፍርድ ቤትም በ1978 በቅጂ መብት ጥያቄው ፈረደለት። ያስረታቸው ብልግናው አልነበረም። ሚኪን የማያውቅ ስለሌለ እሱን ለማስታወስ ጥቂት መስመር በበቃ፤ ሠዓሊዎቹ ግን መልኩን እንዳለ ገለበጡት። ገጸ ባሕርዩ ይበልጥ በታወቀ ቁጥር ለመቅዳት የሚኖረው ሰበብ ያንሳል ማለት ነው። ብዙ ሰው የሚገምተው ተቃራኒውን ነው።

በ1994 ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ቱ ላይቭ ክሩ በተባለው የራፕ ቡድን የዘፈን ክርክር ነገሩን አላላው። ለገበያ መሠራቱ ብቻውን አያስጠይቅም፤ ስላቁ ግን መነሻ የሆነውን ሥራ ራሱን መንካት አለበት። ዝናውን ተውሶ በሌላ ጉዳይ የሚቀልድ ሰው፣ ለምን እንደተዋሰ ማስረዳት ይከብደዋል። በ2002 የስታር ዋርስ ፊልሞች ባለቤት ሉካስፊልም በስታር ዋርስ ላይ የቀለደውን ስታርቦልዝ የተባለ የወሲብ አኒሜሽን በጊዜያዊ ዕግድ ለማስቆም ጠይቆ በካሊፎርኒያ ፌዴራል ፍርድ ቤት አልተሳካለትም።

ከቅጂ መብት ክስ ያመለጠ በንግድ ምልክት ሊያዝ ይችላል። በ1979 የአሜሪካ እግር ኳስ ቡድን የሆነው የዳላስ ካውቦይስ አድማቂ ጨፋሪዎች አንድ የወሲብ ፊልም ያሳገዱት በደንብ ልብሳቸው ነው፦ ነጭ ቁምጣ፣ ሰማያዊ ሸሚዝ፣ ኮከብ ያለበት ነጭ ሰደርያ። ማስታወቂያው ተዋናይቱን የቀድሞ አባላቸው አስመስሎ ማቅረቡ ደግሞ ነገሩን አባሰው። አዘጋጆች ከርዕሱ ፊደል የሚቀይሩት፣ ስላቅ መሆኑንም ሽፋኑ ላይ በትልቁ የሚጽፉት ለዚህ ነው። ማስተባበያው ፊልሙ ውስጥ ብቻ ከተቀመጠ ብዙም አይረዳም፤ ገዢ የሚሳሳተው ሽፋኑን ሲያይ ነውና።

እነዚህን ፊልሞች ፋይዳ ቢስ ናቸው ማለታችሁም ፍሌሽ ጎርደን የተባለውን ፊልም ይዘላል። በ1974 የወጣው ይህ፣ በኮሚክ የጠፈር ጀግናው በፍላሽ ጎርደን ላይ የተሠራ ስላቅ ጭራቆቹን የሠራው አሻንጉሊት ጥቂት ጥቂት እያንቀሳቀሱ አንድ በአንድ በመቅረጽ ነው፤ ፊልም በሰከንድ 24 ምስል ስለሚያልፍ የአንድ ደቂቃ ትዕይንት ስንት ቀን እንደሚፈጅ አስሉት። ከባለሙያዎቹ አንዱ ዴኒስ ሙረን ነበር፤ በኋላ በስታር ዋርስና በጁራሲክ ፓርክ የሠራው፣ ኦስካር ደጋግሞ የወሰደው። ሌላው ባለሙያ ጂም ዳንፎርዝ ደግሞ ስሙ ከኋላ ወደ ፊት ተገልብጦ እንዲጻፍ አደረገ። (ማን ይፈርድበታል?)

አንድ ነገር ልጨምር። የ1928ቱ ሚኪ ከጥር 2024 ጀምሮ በአሜሪካ ከቅጂ መብት ነፃ ቢወጣም፣ በኋላ የተጨመሩለት መልኮች የየራሳቸውን ጊዜ ይጠብቃሉ፤ የዲዝኒ የንግድ ምልክትም እንዳለ ነው።

አንባቢያችሁ፣ ከአዲስ አበባ