ባላንታይን ተዋናይም ነበር

ይድረስ ለአዘጋጁ፦

ስለ አስቂኝ ምትሃተኞች ባወጣችሁት ጽሑፍ አሜሪካዊው ካርል ባላንታይን ምትሃት የማይሆንለት ሰው ተብሎ ታልፏል። አልስማማም። የክብር ልብሱን ግጥም አድርጎ፣ ታላቅ ምትሃተኛ ነኝ ብሎ ይወጣል፤ ከዚያ አንዱም አይሳካለትም። ሳቁ ያለው እዚያ ላይ ነው። ሆን ብሎ መሳት ልምምድ ይፈልጋል፤ ጨዋታው ትንሽ ከዘገየ ቀልዱን ውሃ በላው።

ትወናውንማ ጭራሽ ረስታችሁታል! ከ1962 እስከ 1966 እ.ኤ.አ. በ«ማክሄልስ ኔቪ» ተከታታይ ኮሜዲ ሌስተር ግሩበርን ሆኖ ሠርቷል። ሁሌ ገንዘብ ማግኛ ዘዴ የሚሸርብ መርከበኛ ነው። የመድረኩ አፈ ጮሌ ዩኒፎርም ለበሰ እንጂ አልተለወጠም።

በሚቀጥለው እትም የግሩበርን አንድ ትዕይንት ከመድረክ ሥራው ጎን ለጎን አድርጋችሁ ብትተነትኑልን ጥሩ ነው።

አንድ አንባቢ