ድልድዩ ጣሪያ የለበሰው ለፎቶ አይደለም

ይድረስ ለዝግጅት ክፍሉ፤

እንዴት ሰነበታችሁ? ባለፈው ጥቅምት፣ ቅጠሉ ሲቀላ ቤተሰብ ይዞ የሚኬድባቸውን ቦታዎች ስትጠቁሙ፣ ሜሪላንድ ፍሬድሪክ ካውንቲ ያሉትን ባለ ጣሪያ የእንጨት ድልድዮች አንስታችኋል። በጣም ደስ ብሎኛል። የምኖረው እዚያው አካባቢ ነው። ልጆቼን ይዤ ስንት ቅዳሜ እንደሄድኩ አልቆጥረውም።

አንድ ነገር ግን ቅር አለኝ። ጽሑፋችሁ ጣሪያው የተሠራው ለውበትና መንገደኛውን ከበረዶ ለመከለል ነው ይላል። እንዲያውም በረዶው ይፈለግ ነበር። ያኔ ሰው በክረምት የሚጓዘው በፈረስ በሚጎተት ተንሸራታች ጋሪ ነው። ድልድዩ ውስጥ በረዶ ስለማይገባ ጋሪው ደረቅ ጣውላ ላይ አልንሸራተት ይላል። ስለዚህ ሰዎች ከውጭ በረዶ በአካፋ እየዛቁ ወለሉ ላይ ይበትኑ ነበር።

ጣሪያው የተሠራው ለራሱ ለድልድዩ ነው። ገጠር ያደገ ሰው ይህን ለመረዳት ኢንጂነር መሆን የለበትም። የጭቃ ቤት መውደቅ የሚጀምረው መቼ ነው? ክዳኑ ያፈሰሰ ቀን ነው። ውሃ ወጋግራው ጋ ከደረሰ ማገሩ ይበሰብሳል፣ ግድግዳው ይዘማል። አባቴ ክረምት ሳይገባ ክዳኑን ዞር ዞር ብሎ ሳያይ እንቅልፍ አይወስደውም ነበር። ድልድዩም ያው ነው። ሸክሙን የያዘው የምንረግጠው ወለል ብቻ አይደለም። ግራና ቀኝ የቆሙት ትልልቅ እንጨቶች ናቸው፤ ቋሚውና አግዳሚው እርስ በርሱ ተያይዞ፣ ኢንጂነሮች ትረስ የሚሉትን አጥንት ይሠራል። ዝናብ መጋጠሚያው ውስጥ ገብቶ ከተኛ እንጨቱ ከውስጥ ይበላል። ጣሪያውና የጎን ሳንቃው ያን አጥንት ደረቅ አድርገው ያቆዩታል። ሳንቃ ሲያረጅ በቀላሉ ይቀየራል። አጥንቱን መቀየር ግን ሌላ ጉዳይ ነው።

አሜሪካ ውስጥ ነገሩ የተጀመረው ፊላደልፊያ፣ ስኩልኪል ወንዝ ላይ ነው። በ1805 የተከፈተ ድልድይ ነበር (ዓመቶቹን በፈረንጅ አቆጣጠር ነው የምጽፈው)። የሠራው ቲሞቲ ፓልመር የሚባል አናጢ ነው። የድልድዩ ኩባንያ ሊቀ መንበር ዳኛ ሪቻርድ ፒተርስ፣ ይህን ሁሉ ገንዘብ ያወጣንበት እንጨት ጣሪያ ይልበስ ብለው ያዙ። ፓልመርም ተስማማ። ሳይሸፈን ከቀረ ከ10 እስከ 12 ዓመት፣ ከተሸፈነ ግን 30 ወይም 40 ዓመት ይቆያል ብሎ ገመተ። ግምቱ እንኳ አንሶ ነበር። ኒውዮርክ ኩፐርስታውን አጠገብ በ1825 የተሠራው የሃይድ ሆል ድልድይ ዛሬም ቆሟል።

ወደኛዎቹ ልመለስ። ፍሬድሪክ ካውንቲ ውስጥ የቀሩት ሦስት ናቸው፤ ዩቲካ ሚልስ፣ ሎይስ ስቴሽን እና ሮዲ ሮድ። ሦስቱም አንድ ጊዜ ከሞት ተመልሰዋል።

እኔ ከሁሉ የምወደው የዩቲካን ታሪክ ነው። ድልድዩ መጀመሪያ የነበረው ሞኖካሲ ወንዝ ላይ ነው። በ1889 ያ ፔንሲልቬኒያ ጆንስታውን ላይ ከ2,200 በላይ ሰው የጨረሰው የዝናብ ወጀብ እዚህም ደርሶ ድልድዩን ከቦታው ነቅሎ ወሰደው። የአካባቢው ሰው ግን እንጨቱን ለማገዶ አልተሻማበትም። ሰብስቦ፣ ተሸክሞ፣ ፊሺንግ ክሪክ የሚባለው ትንሽ ወንዝ ላይ እንደገና ገጣጠመው። ዛሬ በመኪና የምናልፍበት ያ እንጨት ነው። ውስጡ ስትገቡ ፍጥነት ቀንሱና ግራና ቀኝ ያለውን ትልቁን ቅስት ተመልከቱት። ልጆቼን ሁልጊዜ እዚያ አስቆማቸዋለሁ። ጎረቤት ተጠራርቶ በደቦ ያነሳው ነው እላቸዋለሁ። ደቦ ምን እንደሆነ ያወቁት እዚያ ድልድይ ላይ ነው።

ሎይስ ስቴሽን በ1991 ተቃጠለ። ሰው ነው ያቃጠለው፤ የመኪና ኢንሹራንስ ለመብላት መኪናውን ድልድዩ ውስጥ አቁሞ ለኮሰው ይባላል። እንደገና ተሠርቶ በ1994 ተከፈተ።

ሮዲ ሮድ ከሦስቱ ትንሹ ነው። በ2016 ከኋላው ትልቅ ሳጥን ያለው የጭነት መኪና ገብቶበት ሰባበረው። እሱም እንደገና መሠራት ነበረበት።

ይህን ደብዳቤ ያስጻፈኝ ይሄኛው ነው። እኔም አንድ ጊዜ ለጥቂት ተርፌያለሁ። ጓደኛዬ ቤት ሲቀይር ትልቅ ሳጥን መኪና ተከራይተን ነበር። የምነዳው እኔ ነኝ። ስልኬ አቋራጭ ብሎ በገጠር መንገድ ወሰደኝ። መታጠፊያውን ስጨርስ ድልድዩ ፊቴ ነው። የከፍታ ምልክቱን ያየው ጓደኛዬ ነው። "ቁም! ቁም!" ብሎ ጮኸ። ቆምኩ። እጄ ይንቀጠቀጥ ነበር። ከኋላዬ የነበሩ አንድ ሽማግሌ ገበሬ ከመኪናቸው ወርደው፣ ሌሎቹን መኪኖች አስቁመው፣ በእጃቸው እየመሩ ወደ ኋላ አስወጡኝ። አልተቆጡኝም። "ስላየኸው አመሰግናለሁ" ብቻ ነው ያሉኝ። ያ ቃል እስከ ዛሬ ከልቤ አልወጣም።

እኛ ሐበሾች እዚህ አካባቢ ብዙዎቻችን ሹፌሮች ነን። ዴሊቨሪ የሚሠራ አለ፣ የጭነት መኪና የሚነዳ አለ፣ ቅዳሜና እሁድ ዕቃ የሚያመላልስ አለ። ስልካችን ላይ ያለው ካርታ የተሠራው ለቤት መኪና ነው። የምንነዳው ሳጥን ስንት ጫማ ከፍታ እንዳለው አያውቅም። የድልድዩ ቁመትም ሆነ የሚችለው ክብደት የተጻፈው መንገዱ ዳር ባለው ሰሌዳ ላይ ነው።

ጎርፍ ሲመጣ ብዙ ማድረግ አይቻልም። ኒውዮርክ ውስጥ በ1855 የተሠራውን የብሌንሃይምን ድልድይ በ2011 አይሪን የተባለው አውሎ ነፋስ ያመጣው ጎርፍ ጠራርጎ ሲወስደው ያስቆመው ሰው አልነበረም። መልሶ ለማቆም እስከ 2018 ፈጀ። ሮዲ ሮድን የሰበረው ግን ጎርፍ አይደለም። አንድ ሹፌር ሰሌዳውን አንብቦ ቢሆን ኖሮ ያ እንጨት ዛሬም በነበረበት ነበር።

ስለዚህ ልመናዬ ይሄ ነው። በሚመጣው ጥቅምት ስለ ድልድዮቹ ስትጽፉ፣ ከፎቶዎቹ ጎን ለሹፌሮች ሁለት መስመር ጨምሩልን። የተከራያችሁት ወይም የምትሠሩበት መኪና ቁመት ስንት እንደሆነ ከመነሳታችሁ በፊት ጠይቁ፣ በወረቀት ጽፋችሁ መሪው አጠገብ ለጥፉት በሉልን። ምልክቱን ካያችሁ በኋላ "ያልፍ ይሆናል" ብላችሁ አትሞክሩ፣ ከኋላችሁ ሰው ቢያጮህም ቁሙ በሉልን። ለጉብኝት የሚሄዱትንም እንጨቱ ላይ ስም እንዳይቀርጹ፣ ውስጡም ሆነ ሥሩ እሳት እንዳያነዱ አሳስቡልን።

የጣሪያውን ነገርም አርሙልን። ልጆቻችን ጋዜጣችሁን ከእኛ ጋር ነው የሚያነቡት።

ከአክብሮት ጋር፣
አንባቢያችሁ፣ ከፍሬድሪክ፣ ሜሪላንድ