የታንክስጊቪንግ ስኳር ድንች፦ ረቡዕ ማታ አብረን እንሥራ

ሰላም ጎረቤቶች፣ ለሐሙሱ የጋራ ማዕድ የሚቀርበውን የስኳር ድንች ካሰሮል ረቡዕ ኖቬምበር 25 ከምሽቱ 12 ሰዓት ጀምሮ (በአሜሪካ ሰዓት 6) ምድር ቤት ባለው የጋራ ኩሽና እንሠራለን። አራት ሰው ይበቃል።

ታንክስጊቪንግ ዘንድሮ ኅዳር 17 ስለሚውል ጾመ ነቢያት ገብቷል። ስለዚህ ሁለት ትሪ እንሠራለን፤ አንዱ በቅቤ፣ በወተትና በእንቁላል፣ ሌላው በኮኮናት ወተትና በዘይት። የጾሙ ላይ ማርሽማሎው አይደረግም፤ ጄላቲኑ ከእንስሳ ነው። በምትኩ የተከተፈ ፒካን፣ ቡናማ ስኳርና ዱቄት በዘይት ታሽቶ ይነሰነስበታል። እኔን ከጠየቃችሁኝ እንዲያውም ይሻላል። ለውዝ ነክ ነገር የማይስማማው ልጅ ካለ ግን አሁኑኑ ንገሩኝ።

ድንቹ 15 ፓውንድ ይበቃናል፤ ውስጡ ብርቱካናማ የሆነውን ግዙ። ሱቅ ውስጥ «ያም» ተብሎ ቢጻፍበትም ያው ስኳር ድንች ነው። ዘንድሮ አንቀቅልም፤ አምና ቀቅዬው ውሃ ቋጥሮ ሾርባ መስሎ እንደቀረበ አልረሳችሁትም። ከነልጣጩ በ400 ፋራናይት አንድ ሰዓት ያህል ኦቨን ውስጥ ይቆያል። ጣፋጩ ፈሳሽ በልጣጩ ስንጥቅ ወጥቶ ትሪው ላይ ጠቆር ብሎ ሲጣበቅ በስሏል ማለት ነው። ቀረፋና ገውዝ እኔ ጋ አለ።

ትልቅ የኦቨን ትሪ ያላችሁ ስማችሁን ለጥፋችሁበት አምጡልን። ማን እንደሚመጣና ምን እንደሚይዝ እስከ እሑድ ማታ እዚሁ ጻፉልኝ።