ለወጌሻው ወዳጄ፣ ከሜልቦርን

ይድረስ ለምወድህና ለማከብርህ ወንድሜ፤

ለጤናህ እንደምን ሰነበትክ? እኔ ከናፍቆትህ በቀር ደህና ነኝ፣ እግዚአብሔር ይመስገን። ይሄን ያህል ጊዜ ድምፄ ሲጠፋ ምን ብለህ እንዳማኸኝ አላጣውም፤ አልቀየምህም። ኑሮው ፈረቃ፣ እንቅልፍ፣ ልጆች፣ ደግሞ ፈረቃ ነው። አሁን ግን ላንተ ካላወራሁት የማይወጣልኝ ታሪክ ስላገኘሁ ብዕር አነሳሁ።

እዚህ አገር እግር ኳስ ሲሉ የኛን ማለታቸው አይደለም። ኳሷ ሞላላ ናት። በአንድ ወገን 18 ሆነው በእግር ይመታሉ፣ በቡጢ ያቀብላሉ፣ ሰው ትከሻ ላይ ወጥተው አየር ላይ ይቀልባሉ። መጀመሪያ ያየሁ ቀን ዳኛው የት ሄደ ብዬ ነበር። ልጆቼ ግን አብደውለታል። በየዓመቱ ግንቦት ላይ በሰር ዳግ ኒኮልስ ስም የሚጠራ የጨዋታ ዙር አለ፤ ትልቁ ልጄ «ማን ነው?» ብሎ ጠየቀኝና መልስ ፍለጋ ማንበብ ያዝኩ።

ሰውየው የአገሬው ተወላጅ ነው፣ ዮርታ ዮርታ ከሚባሉት ሕዝቦች። እ.ኤ.አ. በ1906 ኒው ሳውዝ ዌልስ ውስጥ ኩመራጉንጃ በሚባል፣ መንግሥት ለተወላጆቹ ከልሎ በያዘው ሰፈር ተወለደ። የስምንት ዓመት ልጅ ሳለ ፖሊሶች መጥተው የ16 ዓመት እህቱን ሂልዳን ከእናቷ እጅ ነጥቀው ወሰዷት። ኩታመንድራ ወደሚገኘው፣ ጥቁር ልጃገረዶችን ለቤት ሠራተኝነት ወደሚያዘጋጁበት ማሳደጊያ ነበር የወሰዷት። ይሄን ካነበብኩ በኋላ ለልጄ ምን ብዬ እንደምነግረው ጨነቀኝ።

ቁመቱ 1 ሜትር ከ60 እንኳ አይሞላም፤ ሩጫው ግን ለጉድ ነው። በገንዘብ በሚሮጥባቸው የዋራክናቢልና የናያ ውድድሮች አሸንፏል፣ ቦክስም በድንኳን ትርኢት ተጋጥሟል። በ1927 ካርልተን የሚባለው ትልቅ ክለብ ሊሞክረው ወሰደው።

ይሄኔ ነው አንተ ትዝ ያልከኝ። የክለቡ አሻሾች ገላውን አንነካም አሉ! ጥቁር ነው፣ ይሸታል ተባለ። አስበው እስቲ፤ ወጌሻ ሆኖ የተጫዋች እግር መጸየፍ! አንተ ጭቃና ደም የለበሰ ስንት ቁርጭምጭሚት ጭንህ ላይ አድርገህ ስታሽ አይቻለሁ፣ አንድ ቀን ፊትህን ስታጠቁር አላየሁም። ካርልተንን ትቶ በሌላ ሊግ ወደሚጫወተው ኖርዝኮት ሄደ፣ በ1929ም ከነሱ ጋር ዋንጫ በላ።

በ1932 ፊትዝሮይ የሚባል ክለብ ወሰደው። እዚያም እንደገባ መልበሻ ክፍሉ ጥግ ላይ ብቻውን ተቀመጠ። ካርልተን የሆነውን የቀመሰ ሰው ምን ያድርግ? ሄይደን በንተን ይሄን አየ። በንተን የዘመኑ ኮከብ ነው፤ ብራውንሎ የሚባለውን የሊጉን የምርጥ ተጫዋች ሜዳሊያ ሦስት ጊዜ ወስዷል። ዕቃውን ሰብስቦ ሄደና ከዳግ አጠገብ ልብሱን መቀየር ጀመረ። ኮከቡ አጠገቡ ከተቀመጠ ሌላው ምን አፍ አለው? ዳግ ለፊትዝሮይ 54 ጨዋታ ተጫወተ፣ በ1935 ደግሞ ለቪክቶሪያ ግዛት ቡድን የተመረጠ የመጀመሪያው የአገሬው ተወላጅ ሆነ።

ሁሉም በንተንን ያመሰግናል፣ ይገባዋልም። እኔን የሚከነክነኝ ግን ሌላ ነው፤ በንተን ያን ቀን አሞት ቢቀር ኖሮስ? ሌሎቹ በረኛና አጥቂ፣ አሠልጣኝና ወጌሻ ሁሉ እያዩት ነበር'ኮ። (በረኛ አልኩ እንዴ? እነሱ በረኛ የላቸውም፤ አራት ቋሚ ብቻ ነው።)

ኳሱን ያስቆመው የጉልበቱ ጉዳት ነው፣ ያንተ እጅ አልደረሰለትም። ከዚያ ፓስተር ሆኖ ፊትዝሮይ ጎር ስትሪት ላይ ለወገኖቹ ሰበከ። ቦታው የኛ ሰዎች ከሚኖሩባቸው ረጃጅም የመንግሥት ፎቆች በእግር የሚደረስ ነው፣ ስንቴ ሳላውቅ አልፌበታለሁ መሰለህ። በ1967ቱ ሕዝበ ውሳኔም ለተወላጆቹ መብት ቀስቅሷል፤ ከመቶ ዘጠና በላይ ድምፅ ነው ያለፈው። በ1972 ንግሥቲቱ «ሰር» አሰኘችው፣ በ1976 የደቡብ አውስትራሊያ ገዥ ሆነ፤ ታሞ በወራት ውስጥ ለቀቀ እንጂ። በ1988 ሲሞት ኩመራጉንጃ ተቀበረ። እዚህ ሜልቦርን ፓርላማው አጠገብ ባለው መናፈሻ ከባለቤቱ ከግላዲስ ጋር ሐውልት ቆሞላቸዋል። ልጆቼን ወስጄ አሳይቻቸው ትንሹ «አጭር ነው!» አለኝ።

እስቲ አንተ ንገረኝ፤ በስንት ዓመት ሙያህ መልበሻ ክፍል ውስጥ ማንም የማይጠጋው ልጅ ገጥሞህ ያውቃል? ምን አደረግክ? ይሄን ከማንም መጽሐፍ አላገኘውም። እባክህ በድምፅ መልእክት አትላክብኝ፣ እንደ ድሯችን ጻፍልኝ። ለእማማ ጉልበት የሚሆን ቅባት ከዚህ ልልክ ብዬ የትኛው እንደሚሻል ስለማላውቅ እሱንም ጨምረህ ንገረኝ። ቤተሰቡን በሙሉ በያሉበት ሰላም በልልኝ።

ወንድምህ